ከመፈረሙ በፊት እንናገር፦ ስለ ዓለም ንግድ ድርድር ለአቃቂ ቃሊቲ አምራቾች የተደረገ ንግግር

(በሰኔ 2017 ዓ.ም. በአቃቂ ቃሊቲ ለአነስተኛና መካከለኛ አምራቾች፣ ለነጋዴዎችና ለተማሪዎች የተደረገ ንግግር ነው። አነጋገሩ እንዳለ ተቀምጧል።)

ክቡራትና ክቡራን፣ እናቶቼ፣ አባቶቼ፣ እህት ወንድሞቼ፣ እንደምን ዋላችሁ? ቅዳሜ ከሰዓት ለእናንተ የእረፍት ሰዓት እንዳልሆነ አውቃለሁ። ማሽን አቁማችሁ፣ ሱቃችሁን ለልጅ አደራ ብላችሁ ነው የመጣችሁት። ከልብ አመሰግናለሁ። ከኋላ የቆማችሁ ወጣቶች፣ ፊት ለፊት ባዶ ወንበር አለ፤ ኑ ግቡ፣ ዝናቡም መጣሁ መጣሁ እያለ ነው።

ብዙዎቻችሁ ታውቁኛላችሁ። ያደግኩት እዚሁ አቃቂ ነው። ወጣትነቴን ያሳለፍኩት ቃሊቲ ጉምሩክ አካባቢ በትራንዚተርነት፣ የሰው ዕቃ ከጉምሩክ ለማስወጣት ዲክላራሲዮን የሚባለውን ቅጽ ስሞላ ነው። ኋላ ትምህርቴን ቀጥዬ አሁን የንግድ ፖሊሲ አስተምራለሁ። ዛሬ የመጣሁት ግን ትምህርት ልሰጣችሁ አይደለም፤ አንድ ነገር ልለምናችሁ ነው። ልመናዬን መጨረሻ ላይ እነግራችኋለሁ። ከዚያ በፊት ሦስት ነገር አነሳለሁ፦ አንደኛ፣ ኢትዮጵያ የዓለም ንግድ ድርጅት አባል ለመሆን የምታደርገው ድርድር የት እንደደረሰና ምን እንደሚደረደርበት። ሁለተኛ፣ በጠረጴዛው ዙሪያ ማን ጉልበት እንዳለው። ሦስተኛ፣ ስጦታና ውል እንዴት እንደሚለያዩ።

ድርጅቱ ጄኔቫ ነው የሚቀመጠው፤ «የጄኔቫ ድርድር እኛን ምን አገባን?» የሚል ይኖራል። እኔም መልሼ ልጠይቅ፦ ከእናንተ መካከል ጫማ የሚሠራ አለ? ሳሙና የሚሠራ? ልብስ የሚሰፋ? ብረታ ብረት የሚቀጠቅጥ? እጃችሁን አያለሁ። እንግዲያውስ እዚያ የሚጻፈው ቁጥር የእናንተ ቁጥር ነው።

ወደ አንደኛው ልግባ። ኢትዮጵያ የዓለም ንግድ ድርጅት አባል ለመሆን ያመለከተችው በጥር 1995 ዓ.ም. ነው። ያን ዓመት የተወለዱ ልጆች ዛሬ ዩኒቨርሲቲ ጨርሰዋል። ጉዳያችንን የሚመለከተው የሥራ ቡድን መጀመሪያ የተሰበሰበው በግንቦት 2000 ነው። ሦስተኛው ስብሰባ በ2004 ሆነ። ከዚያ በኋላ ዝም ተባለ። አራተኛው የተካሄደው በጥር 2012 ነው፤ በመካከሉ ስምንት ዓመት አለፈ። አምስተኛው በመጋቢት 2017 ተደረገ። አሁን መንግሥት በመጋቢት 2018 ካሜሩን ያውንዴ ላይ በሚደረገው የሚኒስትሮች ጉባኤ ሂደቱን መቋጨት እፈልጋለሁ እያለ ነው።

ልብ በሉ! ከሃያ ዓመት በላይ ሲንከባለል የኖረ ጉዳይ አሁን በወራት ውስጥ ሊያልቅ እየሮጠ ነው። መፍጠኑን አልቃወምም። ግን ሰው ሲቻኮል ማንን ይረሳል? ስብሰባ ላይ ያልተጠራውን ይረሳል። ድምፁ ያልተሰማውን ይረሳል።

አባል የመሆን ሂደቱ እንዲህ ነው። ድርጅቱ 166 አባላት አሉት። እ.ኤ.አ. በ1995 ሥራ ሲጀምር የነበሩት አገሮች በአብዛኛው ቀድመው በገቡበት ስምምነት ሥር ነው የተሻገሩት። ከዚያ ወዲህ የሚመጣ አመልካች ግን «በሚስማሙበት ሁኔታ» ይገባል ይላል ውሉ። ዋጋው ስንት እንደሆነ የትም አልተጻፈም። የፈለገ አባል «ከኢትዮጵያ ጋር ለብቻዬ መነጋገር እሻለሁ» ማለት ይችላል። አንዱ ጠይቆ ያገኘው ቅናሽ ደግሞ ለእሱ ብቻ አይቀርም፤ ለሁሉም አባል ይሆናል። ቻይና እንኳ ያን የሚያህል ገበያ ይዛ ለመግባት 15 ዓመት ፈጅቶባታል። ሩሲያ 19።

አሁን ዋናውን ነገር ልንገራችሁ፤ ይኼን ያዙልኝ። ድርድሩ ዛሬ በምንከፍለው ቀረጥ ላይ ብቻ አይደለም። ድርድሩ በጣሪያ ላይ ነው። ጣሪያ ማለት መንግሥት ወደፊት በዚህ ዕቃ ላይ ከዚህ በላይ ቀረጥ አልጥልም ብሎ የሚገባው ቃል ነው። ዛሬ የጉምሩክ ታሪፋችን ከዜሮ ይነሳና ትልቁ 35 በመቶ ነው። ከውጭ የሚገባ የተጠናቀቀ ጫማና ልብስ እዚያ 35 ላይ ነው ያለው። ጣሪያው 35 ላይ ከታሰረ፣ ነገ የውጭ ዕቃ እንደ ጎርፍ ቢመጣ 40 ማድረግ አይቻልም ማለት ነው። የሚቻልበት መንገድ አለ፤ ግን ወይ እንደገና ተደራድሮ፣ ካሳ ከፍሎ ነው፣ ወይ ጉዳቱን በምርመራ አረጋግጦ ለተወሰነ ጊዜ ብቻ ነው። 60 ላይ ከታሰረ ደግሞ ዛሬ 35 እያስከፈሉ ለክፉ ቀን ቦታ ማቆየት ይቻላል።

ታዲያ ስንት ነው የምንታሰረው? እ.ኤ.አ. በ2012 ለድሃ አገሮች አመልካቾች መመዘኛ ወጥቷል። ለእርሻ ምርት ጣሪያው በአማካይ 50 በመቶ፣ ለሌላው ሸቀጥ በአማካይ 35 በመቶ ገደማ ሊሆን ይችላል ይላል። ደግ ነገር ነው። አሁን ግን አንድ ጥያቄ ልጠይቃችሁ፦ አማካይ ማለት ምን ማለት ነው? አማካይ ማለት አንዱ 60 ሆኖ ሌላው 10 ሊሆን ይችላል ማለት ነው። 60 የሚያገኘው ማን ነው? 10 የሚደርሰውስ? ጫማ ነው ወይስ ሳሙና? ሚስማር ነው ወይስ ብርድ ልብስ? የንግድ ድርድር ፖለቲካ ያለው እዚህች ቃል ውስጥ ነው። ከአገር ጋር ከመደራደሩ በፊት በአገር ውስጥ ድርድር አለ፤ ትልቁ ፋብሪካ በር አንኳኩቶ ቁጥሩን ያስጽፋል። በሸራ ሥር ቁጭ ብሎ የሚሠራው ማን አለው?

ሌላም አለ። ቃሊቲ የሚመላለስ ሰው ሱር ታክስን ያውቀዋል፤ ከቀረጡ በላይ የሚከፈል ተጨማሪ ግብር ነው፣ 10 በመቶ። ሂሳቡን ላሳያችሁ። 1,000 ብር ዋጋ ያለው ጫማ ገባ እንበል። ቀረጡ 350 ብር ነው። ቫቱ በ1,350 ላይ ይታሰባል፤ 202 ብር ከ50። ከዚያ በድምሩ ላይ ሱር ታክስ ይመጣል፤ 155 ብር ገደማ። ቫቱን እዚህ የሚሠራውም ሻጭ ይከፍላል፤ ሱር ታክሱ ግን ከውጭ በሚገባው ላይ ብቻ ነው። በድርጅቱ ሕግ ከውጭ በሚገባው ላይ ብቻ የሚጣል ክፍያ ሁሉ ተቆጥሮ ይመዘገባል፤ ወይ ከጣሪያው ጎን ይጻፋል፣ ወይ ይነሳል። እናንተ ግን «35 በመቶ አለልን» ብላችሁ ስታስቡ ያቺ 155 ብርም እስከ ዛሬ ከጎናችሁ ቆማ እንደነበር ማወቅ አለባችሁ።

እዚህ ላይ ስለ አጎቴ ላውራችሁ። አጎቴ መርካቶ ጫማ ሠሪ ነበር። በ1990ዎቹ መጀመሪያ የቻይና ጫማ እንደ ጉድ ገባ። ዋጋው የእሱን ግማሽ የማይሞላ ነበር፣ መልኩም ያምራል። ሰው «ቻይና አለህ?» እያለ ነበር የሚጠይቀው። በዚያ ሰፈር ማስቲሽ የሚሸትበት ቤት ሁሉ አንድ በአንድ ተዘጋ። አንድ እሁድ አጎቴ ያን የቻይና ጫማ ገዝቶ ወደ ቤት አመጣ። ጠረጴዛ ላይ አስቀምጦ በቢላ ከጫፍ እስከ ጫፍ ሰነጠቀው። እኔ አጠገቡ ነበርኩ። ሶሉን በጣቱ እያጠፈ አየው፤ ቀላልና ተጣጣፊ ነው። ገበሩን ላጠው፤ ማስቲሹ እኩል ተቀብቷል፣ የትም ቦታ አልጎረበጠም። ቆዳውን ግን ሲስበው ቆዳ አልነበረም። «ሶላቸው ይበልጠኛል፣ ቆዳዬ ይበልጣቸዋል» አለ። ከዚያ ሳምንት ጀምሮ የተሻለ ሶል ፍለጋ ወጣ። እንደ እሱ ያደረጉት ጫማ ሠሪዎች ገበያቸውን መልሰው ያዙ፤ ሰውም የቻይናው ጫማ በክረምት ውኃ ሲበታተንበት ወደ እነሱ ተመለሰ። የዘጉት ግን ብዙ ናቸው። እነሱ ሰነፍ ስለነበሩ አይደለም የዘጉት፤ ያን ክፉ ዓመት የሚሻገሩበት ጊዜና ገንዘብ ስላጡ ነው።

አጎቴን ያዳነው ምን ነበር? ሶልና ማስቲሽ በሚችለው ዋጋ ማግኘቱ ነው። ስለዚህ ለጫማ ሠሪ የጫማው ቀረጥ ብቻ አይደለም ጉዳዩ፤ የሶሉ፣ የማስቲሹ፣ የክሩ ቀረጥ እኩል ጉዳዩ ነው። በትራንዚተርነቴ ዘመን አንድ ቦርሳ ሰፊ ደንበኛ ነበረኝ። ዚፕና ገበር አስመጥቶ ቀረጡን ስነግረው ካርቶኑ ላይ ቁጭ አለና በእስክሪቢቶ እዚያው ካርቶኑ ጎን ላይ መደመር ጀመረ። የዚፑን ጻፈ፣ የገበሩን ጻፈ፣ የመቆለፊያውን ጻፈ፤ ቀጥሎ ተሠርቶ የሚገባውን ቦርሳ ሂሳብ ጻፈ። ሁለቱን ቁጥር ካየ በኋላ «ታዲያ እኔ ለምን እሰፋለሁ?» አለኝ። ከቢሮ ሆኖ ሠንጠረዥ የሚያዘጋጅ ባለሙያ ይኼን በራሱ አያውቀውም። ልትነግሩት የሚገባ እናንተ ናችሁ!

ሁለተኛው ጉዳይ ጉልበት ነው። በዚህ ላይ ሁለት አገር አወዳድሬ እንለፍ።

አሜሪካ ለጥጥ ገበሬዎቿ ድጎማ ትሰጣለች። ድጎማው የዓለምን የጥጥ ዋጋ ያወርዳል። ብራዚል እ.ኤ.አ. በ2002 ዓለም ንግድ ድርጅት ከሰሰች፤ አሸነፈችም። አሜሪካ ሳትፈጽም ስትቀር ብራዚል በአሜሪካ ሸቀጥ ላይ፣ አልፎም በፈጠራ መብቶች ላይ አጸፋ እንድትወስድ ተፈቀደላት። በመጨረሻ እ.ኤ.አ. በ2014 አሜሪካ 300 ሚሊዮን ዶላር ለብራዚል ጥጥ አምራቾች ከፍላ ክርክሩ ተዘጋ። በዚያው ዘመን ማሊ፣ ቡርኪና ፋሶ፣ ቤኒንና ቻድ ስለዚያው ጥጥ፣ ስለዚያው ድጎማ እ.ኤ.አ. በ2003 ተባብረው ጮኹ። ገበሬዎቻቸው ከብራዚሉ ይልቅ ድሆች ናቸው። እውነቱ ከእነሱ ጋር ነበር። በዚያ ዓመት ሜክሲኮ ካንኩን ላይ የተደረገው የድርጅቱ የሚኒስትሮች ጉባኤ ፈረሰ፤ የእነሱም ጥያቄ በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ እየተሰጠው ቀረ። ምን ለየው? ብራዚል ብትቆጣ አሜሪካን የሚያመው ነገር በእጇ ነበር። ማሊ ብትቆጣ ማን ይሰማታል?

ይኼን የምናገረው ተስፋ ላስቆርጣችሁ አይደለም። ሕጉ አለ፤ ግን ሕጉ ለሚጠብቀው ሰው ነው የሚሠራው። የድርጅቱ የይግባኝ ችሎት ራሱ አሜሪካ ዳኛ እንዳይሾም ስላገደች ከታኅሣሥ 2019 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ተዘግቷል። እንዲያም ሆኖ ጠንክሮ የቆመ አገር የሚያገኘው አለ። ቫኑዋቱ የምትባል በፓስፊክ ውቅያኖስ ያለች ትንሽ የደሴቶች አገር አለች፤ ሕዝቧ 300 ሺህ ገደማ ቢሆን ነው። እ.ኤ.አ. በ2001 ድርድሩ አልቆ፣ ወረቀቱ ተዘጋጅቶ ሳለ «በዚህ ሁኔታ አልገባም፤ እንደገና ልየው» ብላ አቆመችው። የገባችው በ2012 ነው። ትንሽ አገር ናትና ማን ይሰማታል ተብሎ ነበር፤ ግን ምንም አልሆነችም።

ሄይቲን ደግሞ እዩ። በዓለም የገንዘብ ድርጅት ግፊት እ.ኤ.አ. በ1995 የሩዝ ቀረጧን ወደ 3 በመቶ አወረደች። በድጎማ የተመረተ የአሜሪካ ሩዝ ገብቶ ገበሬዋን ከማሳው አፈናቀለው። የዚያን ጊዜው የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ቢል ክሊንተን እ.ኤ.አ. በ2010 ለአሜሪካ ሴኔት ያ ፖሊሲ ስህተት እንደነበር ተናግረዋል። ስህተቱ ታመነ፤ ገበሬው ግን አልተመለሰም። እኛ ስንዴ የምናርስ አገር ነንና ይኼንን ከአእምሯችሁ አታውጡት።

ሦስተኛው፣ ስጦታና ውል። አጎዋን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ቦሌ ለሚ ኢንዱስትሪ ፓርክ የሠሩ ልጆች እዚህ ሰፈር ሞልተዋል። አጎዋ የአፍሪካ አገሮች ዕቃቸውን ያለ ቀረጥ አሜሪካ እንዲያስገቡ እ.ኤ.አ. በ2000 አሜሪካ ያወጣችው የራሷ ሕግ ነው። ከእኛ ጋር የተፈራረመችው ውል አይደለም። ስለዚህ ከጥር 1 ቀን 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሰሜኑ ጦርነት ምክንያት ስታስወጣን የምንከስበት ቦታ አልነበረንም። አንድ ትልቅ የአሜሪካ ልብስ ኩባንያ ሐዋሳ ያለውን ፋብሪካ ገና ውሳኔው ሳይጸና ዘግቶ ወጣ። ማታ ማታ ባዶ ሳህን ይዘው ወደ ቤት የተመለሱት ልጆች በዚያ ጦርነት ውስጥ እጃቸው የለበትም።

ሩዋንዳም አለች። ሰልባጅ ልብስ ሰፊዎቼን አጠፋብኝ ብላ እ.ኤ.አ. በ2016 ቀረጡን በኪሎ ከ20 ሳንቲም ወደ 2 ዶላር ከ50 ከፍ አደረገች። ከአሜሪካ ማስጠንቀቂያ መጣ። ኬንያና ሌሎቹ ጎረቤቶች ወደ ኋላ አሉ፤ ሩዋንዳ ግን አልልም አለች። እ.ኤ.አ. በ2018 ልብሷ ከአጎዋ ታገደ። ከስጦታ ጋር ሁልጊዜ ትእዛዝ ይመጣል።

እዚህ ላይ አንድ ብልህ ሰው ይነሳና «ሌሶቶስ?» ይለኛል። ሌሶቶ የድርጅቱ አባል ናት፤ ቢሆንም እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 2025 አሜሪካ 50 በመቶ ቀረጥ አወጀችባት፤ በኋላ ለጊዜው አቆመችው። አባልነት አላዳናትም። ታዲያ ለምን እንገባለን? ጥያቄው ትክክል ነው። የእኔ መልስ ይኼ ነው፦ የምንገባው ለአሜሪካ ብለን አይደለም። እኛ ወደብ የለንም። ከ90 በመቶ በላይ ዕቃችን በጅቡቲ ያልፋል። ጅቡቲ አባል ናት፣ ኬንያም አባል ናት። የድርጅቱ ሕግ የሌላ አገር ዕቃ በአገርህ ሲያልፍ መንገድ አትዝጋበት፣ ከአገልግሎት ዋጋ በላይ አታስከፍለው ይላል። ዛሬ ይኼን ሕግ ጠቅሰን ልንከራከር አንችልም፤ ነገ እንችላለን። ኔፓልም ወደብ አልባ ናት፤ እ.ኤ.አ. በ2004 ገብታለች። ስለዚህ እኔ እንግባ ከሚሉት ነኝ። አዎ፣ እንግባ! ግን ቁጥራችንን ይዘን እንግባ።

ስለ ባንክና ቴሌኮም ድርድር ብዙ አልልም፤ የባንኩ በር ለውጭ ኩባንያዎች በአዋጅ፣ የቴሌኮሙ በፈቃድ ቀድሞ ተከፍቷል። ስለ ቆዳ ግን አንድ ነገር ልበል፤ እዚህ ቆዳ ፋብሪካ የሠሩ አባቶች ስላሉ። ጥሬ ቆዳ ወደ ውጭ እንዳይወጣ እ.ኤ.አ. በ2008 150 በመቶ የወጪ ታክስ ተጣለ፤ ቆዳው እዚህ ይለፋ፣ እዚህ ጫማ ይሁን ተብሎ። ነባር አባላት የወጪ ታክስ መጣል በአብዛኛው አይከለከሉም። አዲስ ገቢ ግን ይጠየቃል፤ ቻይና ተጠይቃ ቃል ገብታለች፤ ኋላም ተከስሳ ተሸንፋበታለች። የእኛም ተደራዳሪ ይኼ ጥያቄ ሲቀርብለት ከጎኑ የቆዳ ሠራተኛው ድምፅ ሊኖር ይገባል።

ከጄኔቫ ወደ ቤታችን እንመለስ። የአፍሪካ ነፃ የንግድ ቀጣና ድርድር እዚሁ ከተማ፣ የአፍሪካ ኅብረት አዳራሽ ውስጥ ጭምር የተደረገ ነው። ስምምነቱ እ.ኤ.አ. በ2018 ኪጋሊ ላይ ተፈረመ፣ በ2019 ጸና። ከሸቀጦቹ 90 በመቶ ከቀረጥ ነፃ ይሆናሉ። 7 በመቶ ስሱ ተብለው ረዘም ያለ ጊዜ ያገኛሉ። 3 በመቶ ጨርሶ አይነኩም። እኛና አምስት ሌሎች አገሮች ጊዜው ወደ 15 ዓመት ይራዘምልን ብለን ነበር። አሁንም ጥያቄዬ ያው ነው፦ ያቺን 3 በመቶ ውስጥ የገባው ምንድን ነው? የናንተ ሥራ አለበት? ከ90ው ውስጥ ከሆነስ የግብፅና የኬንያ ሸቀጥ የሚመጣበትን ዓመት ታውቁታላችሁ?

«ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይላል ያገራችን ሰው። ከተፈረመ በኋላ ሰልፍ ብንወጣ፣ ደብዳቤ ብንጽፍ ጅቡ ሄዷል። ተደራዳሪዎቻችን ጠላቶቻችን አይደሉም። ብዙዎቹን አውቃቸዋለሁ፤ በአነስተኛ ደመወዝ፣ ከአሜሪካና ከአውሮፓ የሕግ ባለሙያ መንጋ ፊት ለፊት ተቀምጠው ሌሊቱን የሚሠሩ ልጆች ናቸው። እነሱ የጎደላቸው የእናንተ እውነት ነው። «ለጫማ ሠሪው ከ50 በታች አልወርድም፣ ምክንያቱም…» ብለው ሲጀምሩ ከ«ምክንያቱም» በኋላ የሚመጣውን ወረቀት ላይ የምታስቀምጡላቸው እናንተ ናችሁ።

ልመናዬ ይኼ ነው። በሩ አጠገብ ባለው ጠረጴዛ ላይ ቅጽ አስቀምጠናል። ስም አይጠይቅም። አራት ነገር ብቻ ይጠይቃል፦ ምን ትሠራላችሁ? ከውጭ የሚመጣ ምን ጥሬ ዕቃ ትጠቀማላችሁ፣ ቀረጡስ ስንት ነው? ከናንተ ጋር የሚወዳደረው ከውጭ የሚገባ ዕቃ ገበያ ላይ ስንት ይሸጣል? ቀረጡ ቢቀንስ ሠራተኛ ሳትቀንሱ እስከ ስንት ትችላላችሁ? የመጨረሻዋን በደንብ አስባችሁ ሙሏት። አጋንናችሁ አትጻፉ፤ የተጋነነ ቁጥር ተደራዳሪውን ያሳፍረዋል። መጻፍ የሚከብዳችሁ እናቶች ካላችሁ ተማሪዎቹ ቁጭ ብለው ይሞሉላችኋል፤ ነግሬያቸዋለሁ። የተሞላውን ሰብስበን በማኅበራችሁ በኩል በሚቀጥለው ሳምንት ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት እናስገባለን፤ አንድ ቅጂ እናንተ ጋ ይቀራል።

አሁን ጥያቄ እቀበላለሁ። እዚያ ከመስኮቱ አጠገብ ያሉት እናት ቅድም እጃቸውን አንስተው ነበር፤ እሳቸው ይጀምሩ። ማይኩን ለእናቴ ስጧት።